በጭንቅላት የተመለሱ ኳሶች

አብዲሳ ፍሬኑን ረገጠው። ሚኒባሱ ጠመዝማዛው ላይ ቀጥ ብሎ ቆመ፤ ከኋላ ይከተል የነበረው አይሱዙ ጥሩምባውን እያንባረቀ ለጥቂት ስቷቸው አለፈ።

"ምን ሆነሃል አብዲሳ?" ጮኸ ረዳቱ ሞገስ።

አብዲሳ መሪውን ጨምድዶ መንገዱን ያያል። በቀኝ ገደል፣ በግራ የጫት ማሳ። ስምንት ዓመት የተመላለሰበት መንገድ ነው። አሁን ግን ከጭሮ እየወጣ ይሁን ወደ ጭሮ እየተመለሰ ጠፋበት። ጆሮው ጭው አለ። ከኋላው ሰው ሞልቷል፤ አንዲቷ ሕፃን ታቅፋለች።

"ሂርና ሳንደርስ ተበላሸ እንዴ?" አሉ ጋቢና የተቀመጡት ጡረተኛ አስተማሪ፣ ጋሽ ኃይለሚካኤል።

ሂርና! ስሟን ሲሰማ ነፍሱ መለስ አለች።

"አይ ጋሼ፣ ጎማው የተነፈሰ መስሎኝ ነው" ብሎ ዋሸና ነዳ። 

ጋሽ ኃይለሚካኤል ከመነሻቸው የጀመሩትን ወሬ ቀጠሉ። "ያንን ከገለምሶ ጋር ያደረጋችሁትን ጨዋታ ታስታውሳለህ? ሁለት ኳስ ከጎል መስመር ላይ በጭንቅላትህ አወጣህ። በሦስተኛው ከአጥቂው ጋር ተላትመህ ተዘረርክ። ሞተ ስንል ውሃ አፈሰሱብህና ተነስተህ ገባህ! የአሰበ ተፈሪ ሕዝብ አበደ እኮ!"

"አስታውሳለሁ ጋሼ።"

አያስታውስም። ውሃውንም፣ ሕዝቡንም።

አሥራ ሁለት ዓመት ተከላካይ ነበር፤ አሰበ ተፈሪ ትባል ከነበረችው ከጭሮ ቡድን ተነስቶ ድሬዳዋ ድረስ ተጫውቷል። ከማዕዘን የሚሻማ ኳስ ሁሉ የእሱ ነበር። ልምምድ ላይ ብቻ በቀን ስልሳ ሰባ ኳስ በጭንቅላቱ ይመልሳል። ራሱን ሲያመው በሻሽ ጠፍሮ ይተኛል፤ በማግስቱ ሜዳ ነው። ጉልበቱ እምቢ ሲለው ጫማውን ሰቅሎ መሪ ጨበጠ።

እንዲህ ሲምታታበት ያሁኑ ሦስተኛው ነው። መጀመሪያ ልጁን ሐዊን በሟች እህቱ ስም ጠራት፤ ቤተሰቡ ሳቀ። ባለፈው ወር በደሳ ላይ መኪናውን ያቆመበት ጠፍቶት ገበያውን ሲዞር ዋለ። ሚስቱ ፌኔት ግን ነቅታበታለች። ሐኪም ቤት እንሂድ ስትለው "ደክሞኝ ነው" ይላታል። ሐኪሙ፣ በጭንቅላቱ የመለሳቸው ኳሶች አእምሮውን ጎድተውታል እንዳይለው ፈርቶ ነው።

ሂርና ደረሱ። ሕፃን የታቀፈችው ሴት ወርዳ ልጇን አዘለችና በመስኮቱ በኩል ፈገግ አለችለት።

"ገለቶሚ። ረቢ ሲ ሃ ኤጉ።"

እያመሰገነችው፣ ፈጣሪ ይጠብቅህ እያለችው ነበር። ሕፃኑ በጀርባዋ ላይ ተኝቷል። አብዲሳ ሞተሩን አጥፍቶ ቁልፉን ይዞ ወረደ።

"ሞገስ፣ መንጃ ፈቃድህን ይዘሃል?"

"አዎ፣ ምነው?"

"መልሱን አንተ ንዳ።"

"አመመህ እንዴ?"

"ጎማው ደህና ነበር። ወዴት እንደምሄድ ጠፍቶብኝ ነው የቆምኩት።"

ሞገስ ሊስቅ ሲል ፊቱን አየና ተወው። ቁልፉን ተቀበለው።

አብዲሳ ሄዶ መጨረሻው ወንበር ላይ ተቀመጠና ስልኩን አወጣ። 

"ፌኔት፣ ነገ ሐኪም ቤት እንሄዳለን" አላት። "አብረሽኝ ግቢ። እኔ የረሳሁትን ለሐኪሙ አንቺ ንገሪው።"