የኪስ መገልበጫ ሰዓት

ልጆቼ፣ ድብ ባለበት ተራራ ድንኳን የሚተክል ሰው ማወቅ ያለበት ነገር ብዙ አይደለም። እኔ ትምህርቴን ስድስተኛ ክፍል ላይ ነው ያቋረጥኩት፤ ግን በዚህ በሞንታና ተራራ ሠላሳ አንድ በጋ በበቅሎ ለሚጓዙ እንግዶች ምግብ ሳበስል ኖሬያለሁ። ካበሰልሽበት መቶ እርምጃ ርቀሽ ተኚ። ያበሰልሽበትን ልብስ ለብሰሽ አትተኚ። መንገድ ላይ ድምፅሽን አሰሚ፣ ድብን ድንገት አትድረሺባት። የሚሸት ነገር ሁሉ ዛፍ ላይ ይሰቀል። ይኸው ነው። ችግሩ አለማወቅ አይደለም። ሰው እያወቀ ልቡ ያታልለዋል። እኔም የማጫውታችሁ ይህንኑ ነው።

አለቃችን ሃልቮር ይባላል። በቅሎዎቹ የእሱ ናቸው፣ መንገዱንም የሚመራው እሱ ነው። ሁልጊዜ ፀሐይ ልትጠልቅ ስትል የቆርቆሮ ሳህን ግንድ ላይ ያስቀምጥና «ኪስ!» ብሎ ይጮሃል። ያን ጊዜ ሁሉም ይሰለፋል። ዳኛ ቢሆን ሐኪም ቢሆን፣ የኪሱ ጨርቅ እንደ በቅሎ ጆሮ እስኪንጠለጠል ድረስ ይገለብጣል። ከረሜላው፣ የጥርስ ሳሙናው፣ የከንፈር ቅባቱ፣ ሁሉም ሳህኑ ላይ ይወጣል፤ ከዚያ ወደ ምግቡ ከረጢት ይገባና በሁለት ዛፎች መካከል በገመድ ከፍ ብሎ ተሰቅሎ ያድራል።

የራሱን የሃልቮርን ኪስ የምትፈትሸው ሚስቱ አርዲስ ነበረች። እጇን እስከ ክርኗ አስገብታ ሚስማር፣ ሲባጎ፣ የበቅሎ ኮቴ ብረት ታወጣና ለእንግዶቹ እያሳየች፣ «አርባ ዓመት ስበረብረው አንድ የፍቅር ደብዳቤ እንኳ አላገኘሁበትም!» ትላለች። ሰዉ ይስቃል። ሃልቮር ጆሮው ይቀላል።

ከሰፈራችን ጅረቱ ማዶ ሰማያዊ የተራራ እንጆሪ የሚበቅልበት ዳገት አለ። አርዲስ በነሐሴ እዚያ ትለቅማለች። በዳገቱ ወዲያኛው ጫፍ ደግሞ ትከሻዋ ላይ ነጣ ያለ ምልክት ያላት አንዲት ትልቅ ቡናማ ድብ ትለቅማለች። አርዲስ «ጎረቤቴ» ነው የምትላት። ገና ከሥር ስትነሳ ጀምራ፣ «ኦሆይ ጎረቤት! መጣን፣ አትደንግጪ!» ብላ ትጣራለች። ድቧ ቀና ትላለች፣ ታሸታለች፣ ልጅም ካላት ልጇን አስከትላ ወደ ላይ ትወጣለች። አሥራ አንድ ዓመት እንዲህ ኖሩ። አንድም ቀን ሰፈራችንን ረግጣ አታውቅም።

አርዲስ በየካቲት ሞተች። ሳል ነው ስንል ሳል አልነበረም።

በነሐሴ ሃልቮር ጉዞውን አልሰርዝም አለ። የዚያን ጊዜ እንግዶቻችን ሁለት እህትማማቾች፣ ከስንዴው አገር የመጡ ጡረታ የወጡ አስተማሪዎች ነበሩ፤ ታላቂቱ ማቤል፣ ታናሺቱ ኦተሊ። የመጀመሪያው ቀን ድንኳን ተክለን እንደጨረስን ውኃ ልቀዳ ወደ ጅረቱ ወረድኩ። ሃልቮር ከአኻያው ቁጥቋጦ ጀርባ ድንጋይ ላይ ተቀምጧል። እጁ ላይ የማርማላታ ብልቃጥ አለ። ብልቃጡን ገና ከሩቅ አወቅሁት፤ አርዲስ የሠራችው የመጨረሻው ነው። የተለጠፈበት ወረቀት ላይ በእጅ ጽሕፈቷ «ለሃልቮር። እንግዳ እንዳይነካው» ይላል። ክዳኑን ከፍቶ አልበላም፣ ልጆቼ። አሸተተው። ዓይኑን ጨፍኖ አሸተተውና ከደነው፤ ዳሩን በሸሚዙ ጠርጎ፣ በሱፍ ካልሲ ጠቅልሎ ካፖርቱ ውስጥ ከተተው።

ባልዲዬን ሳልሞላ ተመለስኩ።

ማታ «ኪስ!» ብሎ ጮኸ። ኦተሊ ሁለቱንም ኪሷን ገልብጣ ባዶ መሆኑን አሳየች። እህቷ ግን ዝም አላለችም።

«የጉሮሮ ከረሜላሽንስ?»

«የቱን ከረሜላ?»

«ጡት መያዣሽ ውስጥ ያለውን ነዋ! ከእናታችን ጊዜ ጀምሮ እዚያ ነው የምትደብቂው።»

ሃልቮር ፊቱን ወደ በቅሎዎቹ አዙሮ፣ «እመቤቴ፣ ድብ ይሉኝታ የለባትም። የትም ቢሆን ገብታ ትፈልገዋለች» አለ። ኦተሊ እየሳቀች ሰባት ከረሜላ ቆጥራ አወጣች። ቀጥሎ ሃልቮር የሱሪውን ኪስ ገለበጠ፤ ሲባጎና ሚስማር ወጣ። ካፖርቱ ድንኳኑ ውስጥ ነበር።

የእሱን ኪስ ሊፈትሽ የተነሳ ሰው የለም። ያ ጊዜ የአርዲስ ጊዜ ነበር። እጇን አስገብታ የምትበረብርበት፣ የምትቀልድበት። አፌን ከፍቼ ነበር እኮ። «ካፖርትህስ?» ማለት ሁለት ሰከንድ አይፈጅም። ግን ጀርባው ጎብጦ ሳየው አሳዘነኝ። ክዳኑ ጥብቅ ነው፣ ነገ ለብቻው እነግረዋለሁ ብዬ አፌን ዘጋሁ። በነጋታው ደግሞ ፊቱን አይቼ ለሌላ ቀን አቆየሁት።

በሦስተኛው ቀን ጠዋት ፀሐይዋ የተራራውን ጫፍ ብቻ ስትነካ እሳት እያቀጣጠልኩ ነበር። ሃልቮር በቅሎዎቹን ሊያይ ወርዷል። ማቤል ከአጠገቤ በሹክሹክታ፣ «ቨርና፣ ያቺ በቅሎ ናት?» አለችኝ።

በቅሎ አልነበረችም። ትከሻዋ ላይ ያለው ምልክት ይታየኛል። እኛን እንደሌለን ቆጥራ በቀጥታ ወደ ሃልቮር ድንኳን ሄደችና ሸራውን እንደ ወረቀት ቀደደችው። ዓመት ተኩል የሆነው ልጇ ከአኻያው ጫፍ በኋላ እግሩ ቆሞ ያያታል። እኔ ድስት ደበደብኩ። ሃልቮር ድብ የሚያባርርበትን የበርበሬ መርጫ ይዞ እየሮጠ፣ «ሂጂ! ጎረቤት፣ ሂጂልኝ!» ይላል። ድምፁ የቁጣ አልነበረም። የልመና ነበር። ከመድረሱ በፊት ካልሲውን በአፏ ይዛ ወጣች፣ ወደ ጅረቱ ወረደች። ብልቃጡ ድንጋይ ላይ ሲሰበር ሰማን። ልጇም ተከትሏት ከቁጥቋጦው ጀርባ ተሰወረ።

ማንም አልተጎዳም። ሃልቮር የተቀደደው ድንኳኑ ፊት ተንበረከከ።

«ምን ነበር?» አለች ኦተሊ።

«ካልሲ» አለ።

እኔና እሱ ብቻ ስንሆን፣ «ለማንም ሳንናገር እንተወው። አንድ ጊዜ ነው፤ ትረሳዋለች» አልኩት።

«ቨርና፣ አንቺ ሴት፣ ድብ ትረሳለች?»

«አትረሳም።»

«እንግዲያውስ ለምን ታባብይኛለሽ?»

ከሰዓት በኋላ ተመልሳ መጣች። ሃልቮር በርበሬውን ረጨባት። አነጠሰች፣ ፊቷን በመዳፏ ጠረገች፣ ሃያ እርምጃ ራቀችና ተቀመጠች። ልጆቼ፣ አሥራ አንድ ዓመት ሙሉ ድምፃችንን ስትሰማ መንገድ ትለቅልን የነበረች ድብ፣ ምሳው እስኪቀርብ እንደሚጠብቅ እንግዳ ፊት ለፊታችን ተቀመጠች።  ድስትና መጥበሻ ስንደበድብ ቆይተን፣ እሷም ሲሰለቻት ሄደች።

ማታ እንደ ወትሮው ሳህኑን ግንዱ ላይ አስቀመጠ። «ኪስ» አለ፤ አልጮኸም። በቅድሚያ የራሱን ካፖርት አውልቆ ገለበጠ። ካልሲው የነበረበት ኪስ ውስጥ ያች የአርዲስ ወረቀት ተላቃ ቀርታ ነበር፤ ማርማላታው እያጣበቃት ከጣቱ አልለቅ አለች። ሳህኑ ላይ አኖራት።

«ይኼ ነው ያመጣት። የሌላውን ሰው ኪስ እየበረበርኩ የራሴን ደበቅኩ።»

ማቤል ወረቀቷን አነበበች። ለእህቷም ሰጠቻት።

«ምን ያደርጓታል?» አለች ኦተሊ ቀስ ብላ።

«ይገድሏታል።»

«እኛ ምንም አላየንም! እኔ በበኩሌ መነጽሬን እንኳ አላደረግሁም ነበር። ማቤል፣ አይተሻል እንዴ?»

«እኔ? እኔማ በቅሎ ነው ያየሁት» አለች ማቤል፣ እንባዋ እየወረደ።

ሃልቮር ፈገግ ሊል ሞከረ። «እግዜር ይስጣችሁ። ግን ከአራት ቀን በኋላ እዚህ ቦታ ላይ ሌላ ቤተሰብ ከነልጆቹ ያርፋል። ድንኳን ውስጥ ማርማላታ እንዳለ ተምራለች። ያስተማርኳት እኔ ነኝ።»

ከረጢቱን ራሱ ጎትቶ ሰቀለው። ወረቀቷም ከከረሜላውና ከጥርስ ሳሙናው ጋር ዛፍ ላይ አደረች።

በማግስቱ ጓዛችንን ጠቅልለን ወረድን። የአራዊት ጠባቂው ዴይል የሚባል ወጣት ነው፤ ጭነት ማሰር ያስተማረው ሃልቮር ነበር። ሃልቮር ከበቅሎው ሳይወርድ ሁሉንም ነገረው፤ ስለ ካልሲውም ስለ ወረቀቷም። ዴይል ባርኔጣውን አወለቀ።

«ልጇስ? እሱም ቀምሷል?»

ሃልቮር የበቅሎውን ልጓም ጠበቅ አድርጎ ያዘ።

«አቶ ሃልቮር፣ ከቀመሰ እሱንም መግደል ነው ያለብን። ያውቁታል።»

«ከአኻያው ጫፍ አልወጣም። ቆሞ ሲያያት ነበር።»

«እርግጠኛ ነዎት?»

«እስካየሁት ድረስ አልቀመሰም።»

ዴይል ወደ እኔ ዞረ። ከአኻያው ጀርባ የሆነውን ሃልቮርም እኔም አላየንም። «እስካየሁት ድረስ» አልኩ እኔም። ዴይል ሁለታችንንም ረጅም ጊዜ አየን። «እንግዲያው ልጇን እንተወዋለን። ሌላ ሰፈር ከታየ ግን ምሕረት የለም» አለ።

ዴይል ሊገድላት ሲወጣ ሃልቮር አብሬ ካልሄድኩ አለ። «እኔ ነኝ የጠራኋት» ብሎ ሄደ። በሁለተኛው ቀን ተመልሶ የቤቴ ደረጃ ላይ ተቀመጠ። ሾርባ ሰጠሁት፣ አልነካውም።

«መጣች» አለኝ። «ሌላ የትም አልሄደችም፣ ቨርና። በቀጥታ ድንኳኔ ተተክሎበት የነበረው ሣር ላይ ነው የመጣችው። አሸተተችው። ደግማ አሸተተችው። እኔ እኮ ብልቃጡን ስከፍት እንደዚያ ነበር የማሸተው።»

 በዚያው ሳምንት የመሪነት ፈቃዱን መለሰ፣ በቅሎዎቹንም ለወንድሙ ልጅ አስረከበ። እንዳይተው ሊለምኑት የመጡ ነበሩ፤ ሰው ይሳሳታል አሉት። «አዎ፣ ይሳሳታል። ዋጋውን የከፈለው ግን ያልተሳሳተው ነው» ብሎ መለሳቸው።

በረዶው ሲወርድ አንድ ቀን ከምድጃው ፊት ተቀምጠን ሳለ አልቻልኩምና አወጣሁት።

«ሃልቮር፣ ጅረቱ ዳር ሆነህ ስታሸተው አይቼህ ነበር። በመጀመሪያው ቀን። ዝም አልኩ።»

እሳቱን ቆሰቆሰ። «አውቃለሁ። ባልዲሽን ሳትሞይ ስትመለሺ አይቼሻለሁ።»

«ታዲያ ለምን አልወቀስከኝም?»

«ማታ አፍሽን ከፍተሽ ስትዘጊው በልቤ አመሰገንኩሽ፣ እህቴ። በምን አፌ ልውቀስሽ?»

ይህን ስሰማ ከወቀሳ ይልቅ የከፋ ሆነብኝ። እስከ ዛሬም እንደዚያው ነው። ልጆቼ፣ ለሚወዱት ሰው አዝኖ ዝም ማለት ደግነት የሚመስልበት ጊዜ አለ።

በዓመቱ ነሐሴ ላይ ሃልቮር ባዶ እጁን መጥቶ፣ «ወደ ዳገቱ እንውጣ» አለኝ። እኔም የሚፈራውን አውቄዋለሁ። ልጁ ድምፃችንን ሰምቶ ከመጣ፣ ወይም ቆሞ ከጠበቀን፣ ቀምሶ ነበር ማለት ነው፤ ያኔ ለዴይል የሰጠነው ቃል ውሸት ነበር፣ እንደገና ሄዶ መናገር ሊኖርበት ነው። ምንም የሚበላ አልያዝንም። እኔ ከቤት ሳልወጣ ልብሴን ለውጬ ነበር።

ከሥር ቆመን ኪሳችንን ገለበጥን። እሱ የእኔን አየ። እኔም እጄን እስከ ክርኔ አስገብቼ የእሱን ካፖርት በረበርኩ፤ ሲባጎና ሚስማር ብቻ ነበር። እንደ አርዲስ መቀለድ ፈልጌ ነበር፤ ሲባጎውን መልሼ ከተትኩለት።

ዳገቱ በፍሬ ተሸፍኖ ነበር፣ የለቀመው የለም። ከላይኛው ጫፍ ቁጥቋጦው ሲነቃነቅ አየን። ልጁ ነው። ትከሻው ሰፍቷል፣ ብቻውን ነው፣ አፉ እስከ ዓይኑ ሐምራዊ ሆኗል። ሃልቮር ክንዴን ጨበጠኝ፤ ጥፍሩ እስኪሰማኝ ድረስ። ከዚያ ባርኔጣውን አውልቆ በሚስቱ ዜማ ተጣራ።

«ኦሆይ ጎረቤት! መጣን፣ አትደንግጥ!»

ልጁ ቀና አለ። አፍንጫውን ወደ ነፋሱ አነሳ። እኛ አልተነፈስንም። ከዚያ ዞሮ ወደ ላይ ሮጠ፣ ልጆቼ፤ ድንጋይ እያንከባለለ፣ አንድ ጊዜም ወደ ኋላ ሳያይ ጫፉን ተሻግሮ ጠፋ።

«ሩጥ!» ይላል ሃልቮር፣ እንባው በጢሙ ላይ እየወረደ። «ሩጥ፣ ልጄ፣ ሩጥ! ከእኛ ራቅ!»

ድምፁ እስኪዘጋ ድረስ ጮኸበት። ከዚያ አንድም ፍሬ ሳንለቅም ተመልሰን ወረድን።