ጉርድ ፎቶህን አስገባበት

በዚያች ከተማ በእሱ ካሜራ ፊት ያልቀረበ አገጭ ካለ፣ ያ አገጭ ገና አልተወለደም። ፎቶ አንሺው ሠላሳ ዓመት ሙሉ ያነሳው ጉርድ ፎቶ ብቻ ነው፤ ለመታወቂያ፣ ለፓስፖርት፣ ለመንጃ ፈቃድ፣ ለትምህርት ቤት። ሰው በርጩማው ላይ ተቀምጦ ሲደላደል እሱ ከካሜራው ጀርባ «አገጭ ከፍ!» ይላል። ድምፁ ደግሞ የዋዛ እንዳይመስላችሁ። አንድ ቀን በሩን ከፍቶ ሲጮህ በመንገዱ ማዶ ይሄዱ የነበሩ ሦስት ሰዎችና አንድ ውሻ አገጫቸውን ከፍ አድርገው ቀጥ ብለው ቆመዋል። ውሻውን እንኳ ብንተወው ሰዎቹ እውነት ናቸው። ከዚያ ወዲህ የእናት የአባቱ ስም ተረስቶ «አገጭ ከፍ» ሆኖ ቀረ።

ስቱዲዮው አንዲት ክፍል ናት። ነጭ መጋረጃ፣ ሁለት ጃንጥላ ያላቸው መብራቶች፣ በክር የታሰረ ማበጠሪያ፣ ኮት ለሌለው ደንበኛ ሁሉ የሚያገለግል አንድ ጥቁር ኮት። ኮቱ የተሰፋው ለግዙፍ ሰው ስለሆነ ቀጭን ሰው ሲለብሰው ከጀርባው በልብስ መቆንጠጫ ይያዝለታል። ከፊት ሲያዩት ሚኒስትር፣ ከኋላ ሲያዩት ገመድ ላይ የተሰጣ ልብስ ነው። ከመጋረጃው ወዲያ ያለው ኮምፒውተርና ማተሚያ ደግሞ የሚስቱ ግዛት ነው። ብጉር የምታጠፋው፣ የምታትመው፣ ቆርጣ በፖስታ የምትከተው እሷ ናት። እሱ አንዴ «እስቲ ልርዳሽ» ብሎ አንድ ክፍል ተማሪ በሙሉ በአንድ ጣቱ ካጠፋ በኋላ ኮምፒውተሩን ከሩቅ ሰላም ከማለት በቀር አልነካውም።

ይህን ሁሉ ዝና ይዞ እንግዲህ፣ አንዲት የአምስት ዓመት ልጅ ናቀችው።

ነገሩ እንዲህ ነው። ሌላ ከተማ የምትኖረው ሴት ልጁ ባለፈው የእረፍት ጊዜ የጌም ማሽን አምጥታ ከስቱዲዮው ጀርባ ባለው ሳሎን ቴሌቪዥኑ ላይ ገጠመችለት። ሐሳቧ መልካም ነበር፤ የልጅ ልጁ በየቅዳሜው ዘጠኝ ሰዓት ላይ እዚያ ቤቷ ሆና ከአያቶቿ ጋር የመኪና ውድድር እንድትጫወት ነው። ማሽኑ ሲከፈት የአያቶቿ ምስል በክብ በክብ ሆኖ ይደረደርላታል፤ እሷም አንዱን መርጣ ትጫወታለች። ልጅቷ ማንበብ ገና አልጀመረችም። የምትመርጠው ፊት አይታ ነው።

ችግሩም እዚህ ላይ ነበር። በአባቷ በኩል ያለው አያቷ፣ እሱም ከራሱ ቤት ሆኖ የሚጫወተው፣ ጡረታ የወጣ የአውቶቡስ ሹፌር ነው፤ ፎቶው ኮፍያ፣ ጥቁር መነጽር፣ በሁለት እጅ የታቀፈ ትልቅ መሪ፣ እስከ ጆሮ የደረሰ ፈገግታ። የእኛ ሰው ምስል ደግሞ ማሽኑ ፎቶ ላላስገባ ሁሉ የሚሰጠው ግራጫ ጭንቅላት ነበር፤ ዓይን የለ፣ አፍንጫ የለ፣ ከሁሉም በላይ አገጭ የለ።

ሦስት ቅዳሜ ተላጭቶ፣ ሸሚዝ ቀይሮ፣ ማዳመጫውን ጆሮው ላይ ደፍቶ፣ ጆይስቲኩን በሁለት እጁ ጨብጦ ተቀመጠ። ሦስቱንም ቅዳሜ የሰማው ይህንኑ ነው።

«እማዬ፣ ይኼ ፊት የሌለው ሰውዬ ማነው?»

«የእኔ አባት ነዋ! አያትሽ!»

«ፊቱ የት ሄደ?»

«ገና አላስገባውም።»

«እሺ፣ ፊቱ ሲመጣ ይጫወታል» ትልና ሹፌሩን ትመርጣለች።

ሹፌሩም በማዳመጫው ውስጥ ጉሮሮውን ይጠርጋል። «አይዞዎት አማቼ፣ ተራ ይደርስዎታል። መንገዱ ረጅም ነው» ይላል፤ አርባ ዓመት ተሳፋሪ ሲያባብል በኖረበት ድምፅ።

በአራተኛው ቅዳሜ ጠዋት አገጭ ከፍ ስልኩን አንስቶ ልጁ ጋ ደወለ። እሷ ሥራ ቦታ ናት፤ ከኋላዋ የሰው ድምፅ ይንጫጫል።

«እናቴ፣ ይኼን ግራጫ ነገር እንዴት ነው የማነሳው?»

«አባዬ፣ ቀላል እኮ ነው! ጉርድ ፎቶህን አስገባበት፣ በቃ። ከዚያ እኔ…» አለችና ስልኩ ተቋረጠ።

አስገባበት! ይህን ቃል ከእሱ የበለጠ የሚያውቅ ሰው አለ? ሠላሳ ዓመት ሙሉ በሩን የሚያንኳኳ ሰው ሁሉ «ጉርድ ፎቶ አስገባ ብለውኝ ነው» እያለ ነው የመጣው። ፎቶ ማስገባት ማለት በፖስታ ይዞ ሄዶ በመስኮት ማቀበል ነው። መስኮት የሌለው መሥሪያ ቤት ደግሞ በእሱ ዕድሜ አልታየም።

ግን አንድ ጉድ ብቅ አለ። የከተማውን ሕዝብ በሙሉ ያነሳ ሰው፣ የራሱ ፎቶ የለውም። መሳቢያውን ሁሉ አገላበጠ፤ የፈለጉት ሰው ሁሉ አለ፣ እሱ የለም። ስለዚህ ካሜራውን በባለ ሦስት እግር መቆሚያው ላይ አቁሞ፣ በአሥር ሰከንድ እንዲያነሳ አድርጎ፣ ወደ በርጩማው ሮጠ። በመጀመሪያው ላይ ጀርባው ወጣ። በሁለተኛው ላይ አንድ ጫማ ብቻ። በስምንተኛው ተቀመጠና በሙሉ ድምፁ «አገጭ ከፍ!» ብሎ ራሱን አዘዘ፤ አገጩም ሳያንገራግር ከፍ አለ።

«ማን መጣ?» አለች ሚስቱ ከመጋረጃው ወዲያ።

«ደንበኛ ነው!»

«ምን ዓይነት ደንበኛ ነው እንዲህ የሚሯሯጠው?»

«ከባድ ሰው ነው፤ ዝም ብለሽ አትሚ።»

ምስሉ ኮምፒውተሯ ላይ ሲመጣ ረዘም ላለ ጊዜ አየችው። ነጭ ጀርባ፣ ሁለት ሙሉ ጆሮ፣ የተዘጋ አፍ፣ ግንብ የሚያፈርስ አስተያየት። እንከን የማይወጣለት ጉርድ ነበር።

«ሰውዬው ምን አድርጎ ነው የሚፈለገው?» አለች።

«ቀልዱን ተይና ቆርጠሽ ስጪኝ።»

አራት ቆርጣ ሰጠችው። ለምን እንደሆነ አልነገራትም። ማሽኑ ሲገጠም «ሳትጠይቀኝ እንዳትነካካው» ብላው ነበርና፣ ሳይጠይቃት ነክቶ፣ ሳይጠይቃት ጨርሶ፣ ፊቱን በቴሌቪዥን ሊያሳያት ፈለገ።

ሳሎን ገብቶ ማሽኑን በአራቱም ማዕዘን መረመረው። ከፊት ለፊቱ ቀጭን፣ ረዘም ያለች ቀዳዳ አለች። ሲዲ የሚገባባት ናት፤ እሱ ግን ሲዲ ሲገባባት አላየም። «ይቺውላችሁ መስኮቷ!» አለና ጉርድ ፎቶውን በሁለት ጣቱ ይዞ፣ ጠርዙን አስተካክሎ፣ በአክብሮት ገፋው። ማሽኑ ግርርር አለና ዋጠው።

ጠበቀ። ግራጫው ጭንቅላት ንቅንቅ አላለም። በቢሮ ጉዳይ መጠበቅ ያለ ነገር ነውና አልተናደደም፤ አሰበ። ከዚያ ጭኑን በጥፊ መታ። አንድ ጉርድ ፎቶ የሚቀበል መሥሪያ ቤት የት አለ? ሁለት ነው እንጂ የሚባለው! ሁለተኛውንም አስገባ። ማሽኑ ግርርር፣ ቀጥሎም ቋ አለ። አንዳንድ ቦታ ሦስት ይጠይቃሉ። ሦስተኛውን ሲገፋ ግን ከመሃል ተሰነቀረ፤ ግንባሩና ሁለት የተቆጡ ዓይኖቹ በቀዳዳዋ ብቅ ብለው ራሱን ሽቅብ ያዩት ጀመር። ቴሌቪዥኑ ጥቁር ሆነ።

ስምንት ሰዓት ከሩብ ነበር።

ያን ጊዜ የአገጭ ከፍ አገጭ ወረደ። ፊት ማጣቱን ችሎታል፤ አሁን ግን ግራጫው ጭንቅላት እንኳ የለም። ዘጠኝ ሰዓት ላይ ልጅቷ ስትከፍት ከአያቶቿ አንዱ ጭራሽ ጠፍቶ ታገኛለች፤ ልጅ ደግሞ ያላየውን ለመርሳት ጊዜ አይፈጅበትም። ሚስቱ የታተመ ፎቶ የምትይዝበትን ወረንጦ ከመሳቢያ ሰርቆ መጣና ምንጣፉ ላይ በሆዱ ተኛ። መነጽሩን ግንባሩ ላይ ሰቀለ፣ አንድ ጉንጩን መሬት ላይ ለጠፈ፣ ወረንጦውን ወደ ቀዳዳዋ ላከ። ሥራው እየጠበበ ሲሄድ ምላሱ ሳያስፈቅደው በአፉ ጥግ ወጣ። ከቴሌቪዥኑ ሥር ያለው አቧራ ፀጉሩ ላይ ሰፈረ፤ የስንት ዘመን አቧራ መሰላችሁ!

ሚስቱ በር ላይ ቆማ ነበር። ተመለሰች፣ ስልኳን ይዛ መጣች፣ ቁጢጥ አለች። ቀጭ።

«አንቺ! ምን ማድረግሽ ነው? አገጬ ከፍ አላለም እኮ!»

«አገጭህ ምንጣፍ ውስጥ ነው ያለው። ምን አስገባህበት?»

«ጉርድ ፎቶ።»

«የት?»

«በመስኮቱ።»

እሷ ግድግዳውን ይዛ ሳቀች። እንዲህ ያለ ሳቅ ጎረቤት ሁለት መስኮት ከፍቶ ነው የሚሰማው። ሳቋ ሲያልቅ ግን መሰኪያውን ነቀለች፣ ማሽኑን እንደ ሕፃን በክንዷ አቀፈች፣ ደፍታ ቀስ ብላ ነቀነቀችው። አንድ የተቆጣ ሰውዬ ምንጣፉ ላይ ወደቀ። ሁለተኛው ተከተለ። ሦስተኛውን በወረንጦው ራሷ ጎትታ አወጣችው። መልሳ ሰካችና ቁልፉን ስትጫን እሱ ትንፋሹን ይዞ ነበር። ያን ያህል ትንፋሽ የያዘ ሰው ባሕር ጠልቆ ወዲያ ማዶ ይወጣ ነበር። ማሽኑ ቲንግ አለ፤ ግራጫው ጭንቅላት በሰላም ተመለሰ።

«ተመስገን!» አለ፤ ግራጫውን እንደዚያ እወደዋለሁ ብሎ አስቦ አያውቅም።

ሚስቱ ግን ሥራዋን አልጨረሰችም ነበር። ምንጣፍ ላይ የተኛበትንም ጉርዱንም ለልጃቸው ላከች። አምስት ደቂቃ ሳይሞላ ስልኩ ጮኸ።

«አባዬ! አስገባ ስልህ በእጅህ አስገባ አልኩህ?» ልጁ በሳቅ መናገር አቅቷታል።

«ታዲያ በእግሬ ኖሯል የሚገባው?»

«እኔ በስልኬ ነው የማስገባልህ እኮ! አሁን እቤት ገባሁ፣ ፎቶው እጄ ላይ ነው፤ ግን አንድ ነገር አለ።»

«ጉርዱን አስገቢልኝ» አለ ቶሎ። «ነጭ ጀርባ አለው፣ ሁለቱም ጆሮ ይታያል።»

«ጉርዱን ለልጅቱ አሳየኋት። "ይኼ ሰውዬ ተቆጣኝ" ብላ ሶፋው ኋላ ገባች። ከዚያ ያኛውን ሳሳያት…»

ከስልኩ ውስጥ የልጅ ሳቅ ፈነዳ፤ ጆሮውን ከስልኩ አራቀ፣ መልሶ አስጠጋ። እሱን አይታ እንዲህ ስትስቅ ሰምቶ አያውቅም። ሰምቶ የሚያውቀው ለሹፌሩ ስትስቅ ነው።

«አባዬ፣ ያንተ ፊት ነው። አንተ ካልፈቀድክ አልነካውም። ሁሉም ያየዋል፤ አማችህም ጭምር።»

አገጭ ከፍ ምንጣፉ ላይ የተደረደሩትን ሦስት ጉርዶች አየ። ሠላሳ ዓመት ሰውን ሁሉ አትሳቅ፣ አትዘንበል፣ ዓይንህን አታጥብብ ሲል ኖሯል። አሁን በራሱ ፊት ሕጉን ሊያፈርስ ነው፤ ያውም ሹፌሩ እያየ፤ ያውም ምላስ አውጥቶ። ሚስቱም በዚህ ጊዜ አልሳቀችም፤ ጠበቀችው።

«ጆሮዬስ?» አለ በመጨረሻ።

«አንዱ ይታያል።»

«አንድ ይበቃል። አስገቢው።»

ግራጫው ጭንቅላት እልም ብሎ ጠፋ። በቦታው በአቧራ የተሞሸረ፣ በአራት ዓይን የሚያይ፣ ምላሱ የሾለከ ሰው በክብ ውስጥ ብቅ አለ። ባለሙያው አንዴ ዓይኑን ጨፈነ፤ የብርሃኑን አጣጣል ለማየት ግን መልሶ ገለጠው። ብርሃኑ እንኳ መጥፎ አልነበረም።

ዘጠኝ ሰዓት ላይ ማዳመጫውን ደፋ።

«አማቼ፣ ምነው? አመምዎት እንዴ?» አለ ሹፌሩ።

«ደኅና ነኝ፤ ሥራ ላይ እያለሁ ነው የተነሳሁት።»

«የምን ሥራ ነው ምላስ የሚያስወጣ?»

ሳይመልስ የልጅቷ ድምፅ ሁለቱንም ሸፈናቸው። «እሱን! እሱን ነው! ምላሱን ያወጣውን አያቴን!»

ተመረጠ። ልቡ እንዲህ የዘለለችው በሠርጉ ቀን ነበር፤ ያን ቀንም ይህን ያህል አልዘለለችም ብሎ በኋላ ለሰው ተናግሯል፤ ሚስቱ በሌለችበት። ለእሱ ቀይ መኪና ደረሰው፣ ለእሷ ቢጫ። መነሻው ሲነፋ ልጅቷ እንደ ጥይት ወጣች። እሱ የመጀመሪያውን መታጠፊያ በቀኝ ሲጠብቀው በግራ መጣበትና አጥሩን ጥሶ፣ ሁለት ዛፍ ገንድሶ፣ ሐይቅ ውስጥ ገባ።

«አያቴ! ንዳው እንጂ!»

«እየነዳሁ እኮ ነው እናቴ።»

«ይኼ እኮ ውሃ ነው!»

«አውቃለሁ፤ መኪናውን እያጠብኩ ነው።»

ልጅቷ መኪናዋን መሃል መንገድ ላይ አቁማ ሳቀች። ሲወጣ ጠበቀችው፤ ከዚያ ከኋላ ገፍታ መልሳ ከተተችው። እንደገና ወጣ፣ እንደገና ገባ። በዚያ አንድ ከሰዓት ከዚያ ሐይቅ ያልለካው ቦታ የለም፤ ውድድሩን ስንት ጊዜ እንደተሸነፈ የቆጠረው ሰው ቁጥር አልቆበት ተወው። ሚስቱ ሳይበላው የቀረው ምሳ ሁለተኛ ጊዜ እንደቀዘቀዘ ለመናገር መጥታ፣ ቆማ አይታ፣ ወንበር ሳበች።

«የኔ እመቤት» አለ ሹፌሩ በማዳመጫው ውስጥ፣ ድምፁን አለስልሶ፣ «ለኔስ ዛሬ ተራ አይደርሰኝም?»

«ቆይ አባባ» አለች ልጅቷ። «አያቴ መኪናውን አጥቦ አልጨረሰም።»