ኮፈኑ ውስጥ የቀረው ወንበር

«ወንበሯስ? ያ የሚሽከረከረው ወንበሯ የት ገባ?» አሉ አክስትየዋ፣ የሻይ ብርጭቋቸውን በሁለት እጃቸው እንደያዙ።

ሁሉም ወደ አክስትየዋ ዞረ። ለቀስተኞቹ ከግድግዳው ጥግ እስከ በሩ በተደረደሩት አግዳሚዎች ላይ ተጠጋግተው፣ እስካሁን ስለ ዝናቡና ስለ መንገዱ መበላሸት ሲያንሾካሹኩ ነበር። የሟቿ ልጅ፣ ቀለም ቀቢው፣ አንገቱን ደፋ። የሚመጣውን ያውቀዋል።

«መኪናው ውስጥ ነው» አለች እህቱ ከጓዳው በር ላይ ሆና። ፔርሙዙን በግራ እጇ አንጠልጥላለች። «የኋላ ኮፈኑ አልከፈት ብሎ። ያን ቀንም አልከፈት ብሎ ነበር።»

ያን ቀን ያለችው እናታቸው የሞተችበትን ቀን ነው።

«ታዲያ አሁንም እዚያው ነው?»

«እዚያው ነው። እስቲ ባለመኪናውን ይንገሩልኝ አክስቴ፤ የእናቴን ወንበር ከዚያ ቆርቆሮ ውስጥ ያውጣልኝ።»

ባለመኪናው ክንዷን ብትዘረጋ በምትነካው ቦታ ተቀምጧል። ከቀብሩ ወዲህ ግን ወንድሟን አንዲት ቃል አልተናገረችውም። እራት ሲቀርብ እንኳ «ሰውየው ይብላ» የምትለው ለሌላ ሰው ነው። አክስትየዋ አንዴ እሷን አንዴ እሱን አዩና ሻያቸውን ፉት አሉ። በሩ አጠገብ ከተቀመጡት አንዷ ወደ ጎረቤቷ ዘንበል ብላ፣ «ኮፈኑ ተከፍቶ ቢሆን ኖሮ እኮ ትተርፍ ነበር አሉ» አለች።

«እሽ! ይሰማሻል።»

ሰምቷታል። ይህ ሲባል የሰማው ዛሬ ብቻ አልነበረም። ብድግ አለና የመኪናውን ቁልፍ ከኪሱ አውጥቶ ወጣ።

መኪናው ግቢው ጥግ፣ ከውኃ በርሜሉ አጠገብ ቆሟል። አሮጌ ነጭ የቤት መኪና ነው፤ ባልዲና ብሩሽ ሲመላለስበት የኖረ በመሆኑ ጎኑ በየዓይነቱ ቀለም ተዥጎርጉሯል። የኋላ ኮፈኑ ቁልፍ አመል ካወጣ ቆይቷል። አንዳንዴ በቡጢ ካልመቱት አይከፈትም፤ አንዳንዴ ደግሞ ተከፍቶ አይዘጋም። እህቱ «አሠራው፤ አንድ ቀን ጉድ ይሠራሃል» ባለችው ቁጥር «ነገ» ይላት ነበር። ነገ ሳይመጣ ያ ጧት መጣ።

ያ ጧት እናቱን ትንፋሽ አጠራት። እሱ አቅፎ ከፊት ወንበር አስቀመጣት፤ እህቱ ዊልቸሩን አጥፋ ከኋላ ጫነች፣ ኮፈኑን ደረገመችና ዘላ ገባች። ሐኪም ቤቱ ደጃፍ ሲደርሱ ኮፈኑ አሻፈረኝ አለ። ቁልፉን ቢያዞር፣ በቡጢ ቢነርተው፣ ከውስጥ ማንሻውን ቢጎትት፣ ወይ ፍንክች። ስንት ደቂቃ እንደታገለ አያውቅም። በመጨረሻ ቁልፉን ለእህቱ ወርውሮላት እናቱን ታቀፈና ደረጃውን ወጣ። እህቱ «ወንበሩን ይዤ እደርሳለሁ!» ብላ እዚያው ቀረች። ኮፈኑን ስትደበድበው ድምፁ እስከ ላይኛው ኮሪደር ይሰማው ነበር። ባዶ እጇን ስትመጣ ሁሉ ነገር አልቆ ጠበቃት።

«ቁልፉን ወዲህ በለው» አለ ከኋላው የሽማግሌ ድምፅ።

ከእናቱ ጋር ዘመናቸውን በአንድ አውቶቡስ ላይ የጨረሱት ሾፌር ነበሩ። እሳቸው መሪ ይይዛሉ፣ እሷ ትኬት ትቆርጣለች። ለቅሶውን የሰነበቱት ጥግ ይዘው፣ ባርኔጣቸውን ጉልበታቸው ላይ አድርገው፣ ሰው ካላናገራቸው ሳይናገሩ ነው። አሁን ግን እጅጌያቸውን ሰብስበዋል።

«ጋሼ፣ እርስዎ አይድከሙ። በመፈልቀያ ገንጥዬ አወጣዋለሁ።»

«መገንጠሉንማ ማንም ይገነጥለዋል። መጀመሪያ ምን እንደነካው እንወቅ እንጂ።» ቁልፉን ከኮፈኑ ቀዳዳ ከትተው አዞሩ፤ መለሱና ደግሞ አዞሩ። «ይዞራል። አልላላም። እንግዲህ በሽታው እዚህ አይደለም። ግባና ማንሻውን ጎትትልኝ።»

ቀቢው ገብቶ ከመቀመጫው ሥር ያለችውን ማንሻ ጎተተ። ሾፌሩ መዳፋቸውን ኮፈኑ ላይ አሳርፈው፣ የሰው ደረት እንደሚያዳምጥ ሐኪም ጆሯቸውን አስጠጉ።

«አንዴ ድገመው።»

ቀጭ አለ ከውስጥ።

«ሰማህ? ሽቦው ቢበጠስ ኖሮ እንዲህ አይልም። የቁልፉ ምላስ ልልቀቅ ይላል፣ አንቆ የያዘው ነገር አለ።» ባለ በሌለ ኃይላቸው ኮፈኑን ወደ ታች ተጫኑትና እሱ ማንሻውን ደግሞ ጎተተ። ንቅንቅ አላለም። «በቃ፣ በሆዱ እንግባበታ። የኋላውን መደገፊያ ፍታው።»

ቀቢው ካቻቢቴና መፍቻ አምጥቶ ብሎኖቹን አንድ በአንድ ይፈታ ጀመር። ሾፌሩ በተከፈተው በር ጠርዝ ላይ አረፍ ብለው የሚፈታውን ብሎን እየተቀበሉ ባርኔጣቸው ውስጥ ያጠራቅማሉ።

«እናትህ አኩርፋኝ እንደነበር ነግራህ ታውቃለች?» አሉ ድንገት።

«እርስዎን? ኧረ የለም።»

«አንድ ሽማግሌ ወርደው ሳይጨርሱ ተነሣሁባቸው። አልወደቁም፤ ግን ለጥቂት ነው። እሷ ግን ክረምቱን ሙሉ ዘጋችኝ። ስትፈልገኝ ጣራውን ትደበድባለች፤ አንዴ ከሆነ ቁም ነው፣ ሁለቴ ከሆነ ሂድ። ተሳፋሪው ‹ሾፌሩ ደንቆሮ ነው እንዴ?› ይላታል። ‹አይደለም፤ እኔ ነኝ ዲዳዋ› ትላለች፣ ሠላሳ ሰው በሚሰማው ድምፅ።»

ቀቢው ሳያስበው ሳቀ። ወዲያው ወደ ቤቱ መስኮት ዞር ብሎ አየ፤ ሰው የሰማው መሰለው። እውነትም ዲዳ ልትባል የምትችል ሴት አልነበረችም። ልጅ ሆነው እሱና እህቱ ከትምህርት ቤት ሲመለሱ አውቶቡሷን ይጠብቃሉ። ከሩቅ ገና ድምፅዋ ይደርሳቸዋል፤ «ወደ ውስጥ ግቡ እንጂ! መሀሉ እኮ ባዶ ነው! ምነው በሩን ተጣበቃችሁት፣ ማር አለው?» እነሱን ስታይ ድምፅዋን አትቀንስም፤ ልጆቼ ናቸው ብላ ቦታም አትሰጣቸውም። ቆመው ይሄዳሉ። ሲወርዱ ግን እንደ ማንም ተሳፋሪ ክንዳቸውን ይዛ፣ እግራቸው መሬት መንካቱን አይታ ነው ጣራውን የምትመታው።

«እንዴት ታረቃችሁ?» አለ።

«መች ታረቅን! አንድ ቀን ጉንፋን ይዞኝ ስስል ከኋላ መጣችና ‹መስኮቱን ዝጋው እንጂ አንተ ሰው!› አለችኝ። በቃ። ከዚያ ወዲያ እንደ ድሮዋ ስትሰድበኝ ኖረች።» የመጨረሻውን ብሎን ተቀበሉ። «እህትህ ቁርጥ እሷን ናት። በል ግባ፣ አንተ ቀጭን ነህ።»

መደገፊያውን አንሥቶ በደረቱ ተሳበ። የስልኩን መብራት አበራ። የዘይት ቀለምና የቴምፕራ ሽታ ታምቆ አፍንጫውን ወጋው። ዊልቸሩ በጎኑ ተጋድሟል። በአንደኛው ጎማ ላይ የግቢያቸው ጭቃ ደርቆ ተለጥፏል። መብራቱን ወደ ላይ፣ ወደ ቁልፉ ሲያዞር አየው። የወንበሩ ቀበቶ እንደ ክራር ጅማት ተወጥሮ ከመቀመጫው ወደ ላይ ወጥቷል፤ ጫፉ በቁልፉ መንጋጋ ውስጥ ተጨማድዶ ተነክሷል። ምላሱ ሊለቅ ቢሞክርም ጨርቁ አንቆታል።

ቀበቶው ሁልጊዜ እንደተንጠለጠለ ነበር፤ እናቱ ታስራው አታውቅም። መጀመሪያ ቀን ሊያስርላት ሲል እጁን መትታ፣ «እኔ በሚሮጥ አውቶቡስ ላይ ቆሜ ያረጀሁ ሴት፣ በዚህ ጋሪ ላይ ልታሰር? ሂድ ወዲያ!» አለችው። ከዚያ ወዲህ የነካው የለም።

ኮፈኑን የዘጋው እሱ አልነበረም።

ይህ ሐሳብ ቀስ ብሎ ነው የገባው። እሱ እናቱን ታቅፎ ነበር። የጫነችው እህቱ ናት። የደረገመችውም እህቱ። የቁልፉ አመል አይደለም ያሰናከላቸው፤ ያን ጧት አዲስ ቁልፍ ቢሆን ኖሮም ያው ነበር።

ለቀለም መፋቂያ የሚይዛትን ምላጭ ከኪሱ አውጥቶ ቀበቶውን ቆረጠ። የተነከሰውን ጫፍ በፒንሳ ይዞ ግራና ቀኝ እያወዛወዘ ጎተተው፤ ተበጣጥሶ ወጣ። ምላሱን በካቻቢቴ ገፋ ሲያደርገው ኮፈኑ ተነሥቶ ቀትር ፀሐይ ከላይ ወረደበት። የሾፌሩ ፊት ብቅ አለ።

«ይሄ ነው?» አሉ የተቦጨቀውን ጨርቅ እያዩ።

«ይሄ ነው።»

«ማነው የጫነው?»

ቀቢው ከኮፈኑ ወጥቶ ጨርቁን ጨብጦ ወደ ቤቱ አመራ። እነዚያ ሁሉ ሹክሹክታዎች፣ «ሰውየው ይብላ» የተባለችው፣ ከቀብር መልስ ለመጨበጥ የዘረጋው እጁ ተንጠልጥሎ መቅረቱ፣ ሁሉም ተግተልትለው መጡበት። በሩን ከፍቶ፣ ጨርቁን ከሻይ ብርጭቆዎቹ መሀል ሊያስቀምጠው ነው። ሌላ ምንም አይልም። እሷ ስታየው ታውቀዋለች።

መስኮቱ ጋ ሲደርስ እህቱን አያት። እንግዶቹ መሀል ቆማ ለአንዷ ሻይ ልትቀዳ ነው። ፔርሙዙን በቀኝ እጇ ሞከረች፤ ፊቷ ተኮማተረና ወደ ግራ አዛወረችው። ቀኝ እጇ ከትንሽ ጣቷ እስከ አንጓዋ አብጦ ጠቁሯል። እስካሁን እንዴት እንዳላየው ገረመው። ኮፈኑን የደበደበችበት እጅ ነው። እሱ እናቱን ታቅፎ ሲሄድ፣ እዚያ ደጃፍ ላይ ለብቻዋ፣ ቆርቆሮውን እስኪያብጥ የመታችበት።

እሱ የእናቱን የመጨረሻ ትንፋሽ አንገቱ ላይ ተቀብሏል። እሷ የደረሳት ይሄ እጅ ነው።

ጨርቁ ኪሱ ገባ። ተመለሰ።

ሾፌሩ መፍቻውን አቀበሉት። ቁልፉን ከኮፈኑ ፈትተው የበርሜሉ ክዳን ላይ አስቀመጡት። ምላሱ በጉተታው ብዛት ጎብጦ ነበር፤ በፒንሳ አቀኑት። ከቦታዋ የወጣችውን ሞላ መለሷት፤ የቆየውን የዝገትና የቀለም ድርቅ በቤንዚን አጥበው ግራሶ ቀቡት። ቁልፉንም የኋላውን መደገፊያም መልሰው ካሰሩ በኋላ ሾፌሩ ኮፈኑን ለመዝጋት የቸኮለውን የቀቢውን እጅ ያዙት። «ሳትዘጋው ሞክረው። ዳግመኛ ቢነክስብን ምን ልንሆን ነው?» ካቻቢቴውን መንጋጋው ውስጥ አስገብተው ተጫኑ፤ ቀጭ ብሎ ያዘ። ቀቢው ማንሻውን ሲጎትት ቀጭ ብሎ ለቀቀ። ከዚያ ወዲያ ነው ኮፈኑን የዘጉትና የከፈቱት፣ ደጋግመው። እንደ አዲስ ሆነ።

ድምፁን ሰምታ ይሆናል፣ እህቱ ወጣች። ወንበሩ ተዘርግቶ ፀሐይ ላይ ቆሟል። አጠገቡ ስትደርስ ቆም አለች። የምታናግረው ሦስተኛ ሰው ፈለገች፤ ሾፌሩ ግን ሆን ብለው እጃቸውን ሊታጠቡ ወደ በርሜሉ ዞረዋል።

«ምን ሆኖ ነው?» አለች፣ ለመኪናው ይሁን ለወንድሟ ባልለየ ድምፅ።

«ሞላው ወልቆ። ዝገትም በልቶታል» አለ ቀቢው። «ቀድሞ መሠራት የነበረበት ነው።»

«ብዬህ ነበር።»

«ብለሽኝ ነበር።»

ክርክር ጠብቃ የመጣች ሰው ስለነበረች፣ ቃሉን ስትሰማ የያዘችው ነገር ከእጇ እንደወደቀባት ሆነች። የወንበሩን መደገፊያ ዳበሰች፤ እጇ ወደ መቀመጫው ወረደ። «ቀበቶ ነበረው አይደል?»

ቀቢው ኪሱ ውስጥ ያለውን ጨርቅ ጨበጠ።

«ምን ያደርግላታል?» አሉ ሾፌሩ ፊታቸውን ሳያዞሩ፣ ውኃውን ከእጃቸው እያራገፉ። «እሷ መች ታሰረች!»

እህቱ ፈገግ ልትል ሞከረች፣ አልሆነላትም። ያበጠ እጇን በሌላው ደገፈች። ከዚያ፣ ያ ሁሉ ሰው ሲመጣና ሲሄድ ልትጠይቀው ያልቻለችውን ጠየቀችው።

«ስትሸከማት… ምን አለችህ?»

«‹ከበድኩህ?› አለችኝ።»

«አንተስ?»

«‹ኧረ አልከበድሽም እማ› አልኳት። እውነትም አልከበደችኝም። ላባ ነው የሆነችብኝ፤ የደነገጥኩት ያኔ ነው።» የወንበሩን እጀታ ያዘ። «ከዚያ ‹እሷስ የታለች?› አለች። ‹እየመጣች ነው› አልኳት። ‹እሺ› አለችና ጸጥ አለች።»

«ጠየቀችኝ?»

«ጠየቀችሽ።»

እህቱ በደኅናው እጇ አፏን ያዘች። እንደ ቀብሩ ዕለት አልጮኸችም፤ ትከሻዋ ብቻ ይርገበገባል። እሱም አጠገቧ ቆመ። ሾፌሩ ብሎኖቹን ያጠራቀሙበትን ባርኔጣ አራግፈው ራሳቸው ላይ ደፉትና በመኪናው ዙሪያ ዞረው ሄዱ።

ወንበሩን እየገፉ ወደ ቤት አስገቡት። እንግዶቹ እግራቸውን እየሰበሰቡ መንገድ ለቀቁላቸው፤ አክስትየዋ ብድግ አሉ። ከእናታቸው መኝታ ክፍል መስኮት ፊት፣ ፀሐይ ወለሉን በምትነካበት ቦታ አቆሙት። እህቱ በግራ በኩል በርከክ ብላ፣ ባዶው ወንበር እንዳይንሸራተት፣ በደኅናው እጇ የጎማውን ፍሬን ያዘች። በቀኝ በኩል እሱ አጎነበሰና የቀረውን ፍሬን ያዘ።