አፍ ያጡት ክቦች

ጠቡን ያመጣው ሬዲዮ ነው። ታላቅ እህቴ፣ በእኛ አጠራር አቴ ሩፊና፣ ጓሮ ተቀምጣ የዓሣ ቅርፊት ትፍቃለች፤ እኔ ሱቄ ደጃፍ ያለው ገመድ ላይ የማከራያቸውን የሳምንቱን ኮሚኮች፣ እነዚያን በሥዕል የሚነገሩ የታሪክ መጽሔቶች፣ በልብስ መቆንጠጫ እሰቅላለሁ፤ ባሏ ሊዮንሲዮ ደግሞ ከማኒላ ሬዲዮ ላይ ይናገራል። ጠያቂው፣ “ይህችን አገር ሁሉ የሚያለቅስላትን ሚላግሮስን ከየት አመጧት?” አለው። ሰውዬው ጉሮሮውን ጠራርጎ፣ “ከእጄ ነዋ፣ ከብዕሬ” አለ።

የእህቴ ቢላ ቆመ።

ከተማችን ሳን ፓብሎ ውስጥ ይህ ውሸት መሆኑን የማያውቅ የለም። የኮሚኳን ሚላግሮስን የወለደቻት እህቴ ናት። ታሪኩን እሷ ትጽፋለች፣ ባሏ ይስለዋል፤ ከዚያ ከየሰዉ አፍ አጠገብ ለንግግር ባዶውን የተተወውን ክብ እሷ ራሷ በደቃቅ ጽሑፏ ትሞላዋለች። ከተጋቡ ጀምሮ የኖሩት እንዲህ ነው። ሊዮንሲዮ ዝናብ ሲስል ገጹን የነካ ሰው ይበርደዋል፤ ንግግር ግን አልተፈጠረለትም። ያኔ እህቴን ሊያገባ ሲፈልግ እንኳ ያናገረው እኔን ነው።

እኛ ዘንድ የተከፋች ሚስት አትጮህም፣ ታኮርፋለች። ሩዙን ትቀቅላለች፣ ሸሚዙን ትተኩሳለች፣ ቃል ግን አይወጣትም፤ ያስከፋት ሰው በአፉ እስኪያባብላት ትጠብቃለች። በአፉ ነው የምላችሁ። ሊዮንሲዮ ማንጎ አመጣ። ጫማ አመጣ። ማራገቢያም አመጣ፣ እሱን እንኳ እኔ ወሰድኩት።

“ኩያ፣” አልኩት አንድ ቀን፣ ታላቅነቱን አክብሬ፣ ንዴቴን ግን ሳልደብቅ። “አፍህን ምን ያዘው? ጥፋቱ የእኔ ነው ማለት ያሳምማል?”

“ታውቀው የለም እንዴ፣ ዶራይ።”

“ማወቅማ ታውቃለች። መስማት ነው የፈለገችው።”

“እኔ መናገር አልችልበትም።”

“ሬዲዮ ላይ የተናገረው ታዲያ ማነው፣ በቀቀን?”

ወደ ሥዕሉ ተመለሰ። ዝም ባለ አፍ ዝንብ አይገባም ይላሉ፤ ዝም ባለ ባል ቤት ግን ሚስት አትከርምም። እህቴ ባታንጋስ ወዳለው ወንድማችን ልትሄድ ቆርጣለች። ለጉብኝትም አይደለም።

ይህ ሁሉ ሲሆን የሚላግሮስ ፊልም እየተቀረጸ ነበር። ታሪኩ ኮሚኩ ላይ ገና አላለቀም፤ የፊልም ሰዎች ግን መቼ ታግሰው ያውቃሉ? መጨረሻውን አምጡ ብለው ሰው ላኩ። እህቴ ብዕር አላነሣም አለች። ሊዮንሲዮ ብቻውን ሳለው፦ ሚላግሮስ ሻንጣዋን ይዛ ደረጃው ላይ፣ ባሏ ዳንዶ ከታች፣ ከአፉ አጠገብ ትልልቅ ክቦች። ቃሉን እንድትሞላለት ወረቀቶቹን ጠረጴዛዋ ላይ አኖረላት። አየቻቸው፤ ብዙ አየቻቸው። ከዚያ ሩዝ ልታጥብ ሄደች። የማኒላው መልእክተኛ ክቦቹ ባዶ እንደሆኑ ወረቀቱን አንሥቶ በረረ።

ፊልሙ እኛ ከተማ የገባው እሑድ ከቅዳሴ በኋላ ነው። ሰፈሩ ነቅሎ ሲኒማ ቤቱን ሞላው። እህቴ ሻንጣዋን ይዛ መጣች፤ የባታንጋስ አውቶቡስ የሚነሣው ከሲኒማ ቤቱ ማዶ ነው። እኔን መሐል አስቀመጠችኝ፣ እሷ በወዲህ፣ ባሏ በወዲያ።

“ፊልሙ ሲያልቅ እሄዳለሁ” አለችኝ፣ እሱ እንዲሰማ ጮክ ብላ።

ሊዮንሲዮ ሻንጣውን አየ። ከዚያ ዓይኑን ወደ ስክሪኑ መለሰ።

እንደ ወጋችን ክፉዋን አማት፣ የዳንዶን እናት፣ ስክሪኑ ላይ ስትገባ ሰደብናት፣ ስትወጣም ሰደብናት። ዳንዶ ሲሰክር ሽማግሌዎቹ ከወንበራቸው ሆነው መከሩት። ከዚያ መጨረሻው መጣ። ሚላግሮስ ሻንጣዋን ይዛ ደረጃው ላይ ቆመች። ዳንዶ ከታች አፉን ከፈተ፣ ዘጋው፣ ደግሞ ከፈተ። ድምፅ የለም። ለካ ዳይሬክተሩ ባዶውን ክብ ጥበብ ነው ብሎ እንዳለ ቀርጾታል።

“ማሽኑ ተበላሸ እንዴ?” አለ ከኋላ አንዱ።

“ተናገር እንጂ፣ አንተ ሰው” አለች ዓሣ ሻጯ። “መሄዷ እኮ ነው። አፍህን ሰፉት?”

ሚላግሮስ አንድ ደረጃ ወረደች። አጠገቤ እህቴ የሻንጣዋን እጀታ ጨበጠች።

ሊዮንሲዮ ብድግ አለ። ጥላው ዳንዶ ላይ አረፈ።

“ጥፋቱ የእኔ ነው” አለ።

“ማንግ ሊዮንሲዮ፣ ይቀመጡ፣ ጋረዱን” አለው ከኋላ አንድ ልጅ፣ በአክብሮት።

“አልቀመጥም። ሁላችሁም ስሙኝ። ሬዲዮ ላይ ዋሽቻለሁ። ሚላግሮስን የፈጠረቻት ሩፊና ናት፤ እኔ እጅ ብቻ ነኝ። ይኸው አያችሁት፣ እሷ ካልጻፈችልኝ አፍ የለኝም።” ወደ እህቴ ዞረ። “ሩፊና፣ እወድሻለሁ። አትሂጂብኝ።”

እኔ አለቀስኩ፤ ለምን እዋሻለሁ። እህቴ ፊቷን ከስክሪኑ ሳታነሣ በክርኗ ጎሸም አደረገችኝ።

“ከኋላ ያሉት አልሰሙም በይው።”

“ሰምተናል” አሉ ከኋላ ያሉት።

“እኔም አልሰማሁም በይው።”

ማለት አላስፈለገኝም። እሱ ራሱ ደገመው፤ ሬዲዮ ላይ ከተናገረው ይልቅ ጮክ ብሎ፣ አጥርቶ፣ ከውሸቱ ጀምሮ እስከ ፍቅሩ። እህቴ ሻንጣውን አነሣችና በእኔ ጉልበት ላይ አሻግራ ለባሏ ሰጠችው።

“ያዝ” አለችው። “እጄን ቆረጠኝ።”

ከሬዲዮው ቀን ወዲህ ለእሱ የተናገረችው የመጀመሪያ ቃል ይህ ነው። ሊዮንሲዮ ሻንጣውን እንደ ሕፃን አቅፎ ተቀመጠ፣ እኔም ቦታዬን ለቅቄ ዳር ሄድኩላቸው።

የኮሚኩ የመጨረሻ እትም ሲወጣ ክቦቹ ሞልተው ነበር፤ ቃሉ የሊዮንሲዮ፣ ጽሑፉ የእህቴ። ብዙ አወራህ ብላ ግማሹን ቆርጣበታለች። ሱቄ ደጃፍ አግዳሚው ላይ ተቀምጣ ተከራይታ የምታነብ አንዲት እንግዳ ሴት ግን ስታነብ አጉረመረመች።

“ይሄ ከፊልሙ ጋር አይገጥምም። ፊልሙ ላይ ባልየው አንድ ቃል አይተነፍስም።”

“የት ነው ያየሽው?” አልኳት።

“ማኒላ።”

“ለዚያ ነዋ” አልኳት። “እኛ ጋ ተናግሯል።”