ጭብጨባ የተከለከለበት ሜዳ

ዳይሬክተሩ ላይል ሃቸንስ ያልሠራው የፊልም ዓይነት የለም። ጭራቅ ከረግረግ አውጥቶ ሕዝብ አስጩኋል፣ ሙሽሮች አጣልቶ አስታርቋል፣ ስንቱን መኪና ከድልድይ ወርውሯል፤ አንዴማ እየዘፈኑ እሳት የሚያጠፉ ሰዎች ፊልም ሠርቶ ከስሯል። ጋዜጦቹ ግን «የአክሽኑ ሰው» ከማለት አልፈው አያውቁም። «መንታ ወልጄ አንዱን ብቻ ሳሙልኝ» እያለ ይስቃል። ቢስቅም ነገሩ ያንገበግበው ነበር።

ሰባን ካለፈ በኋላ በካሊፎርኒያ በረሃ፣ ሎን ፓይን አጠገብ፣ የካውቦይ ፊልም ሲቀርጽ የስቱዲዮው ሰው ቦዝዊክ በጠዋት ከተፍ አለ። ፀጉሩን በቅባት የሚያስተኛ፣ ጫማው ላይ አቧራ ሲያርፍ የሚሳቀቅ ጎልማሳ ነው።

«ሚስተር ሃቸንስ፣ አከብርዎታለሁ። ግን ሥራው ወደ ኋላ ቀርቷል። ፈረሱም ይኸው፣ ሜዳውም ይኸው። የፈረሶቹን ሩጫ ዛሬ ፀሐይ ሳትጠልቅ ካልቀረጹ ነገ ሌላ ዳይሬክተር ይመጣል።»

«ልጅ ነው?»

«ሠላሳ አልሞላውም።»

«አይ ምስኪን!» አለ ላይል። ከዚህ ሥራ ከወጣ ግን በዚህ ዕድሜው ሌላ ፊልም የሚሰጠው እንደሌለ ያውቃል።

ፈረሶቹ ዕድሜያቸውን በፊልም የፈጁ ናቸው። ቀረጻ ሲጀመር የምትመታዋ ሰሌዳ ጯ ስትል መሮጥን ስለለመዱ ጋላቢ ይውጣባቸው አይውጣባቸው ግድ የላቸውም። ላይልም ያለጊዜው እንዳይሮጡበት ሰሌዳዋ በቀረጻው መጨረሻ ላይ እንድትመታ አዟል። በሜዳውም ጭብጨባ የሚባል ነገር ክልክል ነው። አብራው ያረጀችው ረዳቱ ዶሎረስ ለሁሉም ጣቷን እየቀሰረች አስጠንቅቃለች።

ከሰዓት በኋላ ሽማግሌው ተዋናይ ኦርቪል ታግ በጥይት ተመትቶ ከበርሜል ላይ ወደቀና ድርሻውን ጨረሰ። በላይል የመጀመሪያ ፊልም ከረግረግ የወጣው ጭራቅ እሱ ነበር። የፊልም ሰዎች ወግ አላቸው፤ ተዋናይ ሲጨርስ ስሙ ይጠራና ይጨበጨብለታል። ኦርቪል አቧራውን አራግፎ፣ ባርኔጣውን አውልቆ ዙሪያውን ቃኘ። ሁሉም ጭጭ አለ። ክልከላውን ቢያውቅም ሽማግሌው ቅር አለውና አንገቱን ደፋ።

የላይል አንጀት አልቻለም። «ኦርቪል ታግ ጨረሰ!» ብሎ ጮኸና መዳፉን ጯ! ጯ! አደረገው።

«ላይል! አብደሃል እንዴ አንተ ሰውዬ?» አለች ዶሎረስ።

የፈሰሰ ውሃ አይታፈስም፤ ፈረሶቹ ተፈተለኩ። ሽፍታ ሆነው የሚሠሩት ተዋናዮች ግማሾቹ ገና አንድ እግራቸውን እርካብ ላይ እንዳደረጉ ነበር። አንደኛው ሳንድዊቹን እንደነከሰ ጋለበ። ሕግ አስከባሪውን ሸሪፍ ሆኖ የሚሠራው የፈረሱን አንገት አቅፎ እናቱን ይጠራል። ሰዓቱን እያየ ሜዳው መሐል የቆመው ቦዝዊክ እግሬ አውጪኝ ብሎ የውሃ ጋሪ ላይ ሲወጣ ጋሪው ከነሰውየው ተገለበጠ።

«ካሜራው እንዳይቆም!» ብሎ ጮኸ ላይል።

ማንም አልተጎዳም። ቦዝዊክ ጭቃ በጭቃ ሆኖ መጣ።

«ይሄ አክሽን ነው?»

«ኮሜዲ ነው። እሱንም እችላለሁ።»

«እኔም አለሁበት?»

«መሐሉ ላይ ነዎት።»

ቦዝዊክ ከጆሮው ጭቃ እየጠረገ አሰበ። «እናቴ ፊልም ሠራሁ ስላት አምናኝ አታውቅም» አለና ሳቁ አመለጠው። «ፀሐይዋ አልጠለቀችም። አሁን ደግሞ የቁም ነገሩን ይቅረጹልኝ፤ እኔ ግን ኮረብታው ላይ ነው የምቆመው።»

ፈረሶቹ ተመለሱ፣ ጋላቢዎቹ ተደላድለው ተቀመጡ። ላይልም በዚህኛው ዙር አውቆ አጨበጨበ። ፈረሶቹ የምሽቱን ብርሃን ሰንጥቀው አለፉ። ሌላ ዳይሬክተር አልመጣም።

ፊልሙ ባለቀበት ቀን ዶሎረስ ሣጥን ላይ ወጥታ «ላይል ሃቸንስ ጨረሰ!» ብላ ተጣራች። ፈረሶቹ እዚያው አጠገብ ታስረው ነበር፤ አንድም ሰው አላጨበጨበም። ሠራተኛው ሁሉ፣ ለስንብቱ የመጣው ኦርቪልና ቦዝዊክ ሳይቀሩ፣ ባርኔጣቸውን ከፍ አድርገው በዝምታ ያውለበልቡ ጀመር።

ስንቱን ያስጮኸና ያሳቀ ሰውዬ በቁሙ አለቀሰ።

«እንደዚህ ዓይነቱን እንኳ ሠርተህ አታውቅም» አለችው ዶሎረስ መሐረብ እያቀበለችው። «ድምፅ አልባ ፊልም።»