የዋሱ ሚስት

«አይዞሽ፣ እኔ እያለሁ ሜዳ ላይ አትወድቂም» አላት የባልዋ ታላቅ ወንድም፣ ሳሎኑን የሞላው ለቀስተኛ እንዲሰማለት ድምፁን ከፍ አድርጎ። ሰዎቹ ራሳቸውን ነቀነቁ። ወንድም ማለት እንዲህ ነው ተባባሉ። እሷ ጥርሷን ነከሰች። ሜዳ ላይ የሚጥላት ማን ሆነና!

ሰውዬው ከባንክ ተበድሮ የጭነት መኪና ሲገዛ ባልዋ ቤታቸውን አስይዞ ዋስ ሆነው። መኪናው ተገለበጠ፤ ዕዳው ሳይከፈል ቀረ፤ ባንኩ ከሶ አስፈረደ። አሁን ዋሱ አፈር ገብቷል። ተበዳሪው ግን ትልቁ ሶፋ ላይ ተንሰራፍቶ «እግዜር ያጥናህ» ይባላል። ዓይን አውጣ!

ባልዋ የመብራት ሠራተኛ ነበር። እምቢ ማለት ስለማያውቅ ሰፈሩ «አቶ እሺ» ይለዋል። የጎረቤት መብራት ሲጠፋ ምሳውን ጥሎ ይሄዳል፤ ሒሳብ ሲሉት ሌላ ቀን ይላል። ሌላው ቀን መጥቶ አያውቅም። ሰው ሁሉ ዛሬ የሚያለቅስለት ደግነቱ ሲመነዘር የኖረው ከእሷ ጓዳ ነበር።

ፍርድ ቤት የቀረቡ ዕለት ዳኛዋ ለባልዋ በግልጽ ነግረውታል። ወንድሙ ሌላ ንብረት እንዳለው ካወቀ ይጠቁም፤ ያ ንብረት በቅድሚያ ይሸጣል፤ የዋሱ ቤት አይነካም። ከኋላ ተቀምጣ የነበረችው ሚስቱ ልቧ ሊፈነዳ ደረሰ። ከተማው ዳር ባንኩ ያልሰማበት ወፍጮ ቤት አለ። ባልዋ እንዴት አያውቀውም፣ የመብራት መስመሩን የዘረጋው ራሱ! ያን ሰሞን ቅንድቡ ዱቄት ለብሶ ነበር የሚገባው።

«አላውቅም» አለ አቶ እሺ።

ቤት ሲገቡ ጮኸችበት። ያሳደገው፣ ሙያ ያስተማረው ታላቅ ወንድሙ መሆኑን ነገራት፤ ጣቴን አልቀስርበትም አለ። እኛስ፣ ልጆቹስ ስትለው እራቱን ሳይቀምስ ተኛ። ብዙም ሳይቆይ ሥራ ላይ እንዳለ ልቡ ቀጥ አለ።

የውጭው በር ተንኳኳ። የፍርድ ቤቱ የአፈጻጸም ሠራተኛ ነው፤ የጨረታ ማስታወቂያና ሙጫ ይዟል። ጥቁር የለበሰውን ሰው ሲያይ ደነገጠ፤ ይቅርታ ጠየቀ። ታላቅ ወንድም ወጥቶ አነጋገረው፤ ሐዘኑ ሲያልፍ እንዲመለስ ለመነው። ለቀስተኛው በዚህም አመሰገነው። ተመልሶ አጠገቧ ተቀመጠና ወደ ጆሮዋ ጎንበስ አለ።

«ስለ ወፍጮው ትንፍሽ እንዳትዪ። ሟች ቃሉን ጠብቆ ነው የሞተው፤ በመቃብሩ አታዋርጂው።»

ደሟ ፈላ። ተነስታ ወጣች፤ የፍርድ ቤቱን ሠራተኛ የውጭው በር ላይ ደረሰችበት።

«ወንድሜ፣ ትንሽ ይቆዩ። የዋናው ባለዕዳ ወፍጮ ቤት የት እንዳለ ልንገርዎት። በራሱ ስም ነው።»

ለቀስተኛው ሁሉ ወደ በሩ ዞረ። ሠራተኛው ነገሩን ለፍርድ ቤቱ በአቤቱታ ማቅረብ እንዳለባት አስረዳት፤ እውነት ሆኖ ከተገኘ መጀመሪያ የሚሸጠው ወፍጮው ነው። ነገ ጠዋት እመጣለሁ አለችው።

ታላቅ ወንድም ደጃፉ ላይ ቆሞ ነበር። ፊቱ አመድ መስሏል። «በወንድሜ ሐዘን ላይ?» አላት።

«ጋሼ፣ ወንድምዎ ለእርስዎ ሲል ዋሸ። እኔ ዋስዎ አይደለሁም።»

ኮቱን አንስቶ ወጣ፤ የሸኘው ሰው የለም። አንዲት አክስት ሐዘኑ ቢያልፍ ምን ነበር ብላ አጉረመረመች።

ሚስትየው ተመልሳ ግድግዳው ሥር ካለው አግዳሚ ላይ ተቀመጠች። ቤቱ ይተርፍ ይሆናል። ግን ያ ሞኝ፣ ያ እሺ ባይ፣ በዕድሜው አንዴ እምቢ ብሎ የደበቀውን ነገር በሰው ፊት አፍርሳበታለች። ይበለው! ለመሞት ምን አስቸኮለው? ቆሞ አይከራከራትም ነበር?

ሳታስበው ወደ አግዳሚው ዳር ጠጋ አለች። ባልዋ ትከሻው ሰፊ ነበር፤ ሲቀመጥ ቦታ ይፈልጋል።

አዲስ የመጣች ለቀስተኛ እጇን ጨብጣ አጽናናቻትና አጠገቧ ልትቀመጥ ዞረች። ሚስትየው ባዶው ቦታ ላይ መዳፏን ዘረጋች።

«ሰው አለው» አለች።