የተቆረጠው ጩኸት

አርጊሮ የአበባ ጉንጉኑን ከራሷ ላይ መንጭቃ ጠረጴዛው ላይ ወረወረችው። ወርቅማ ቀለም የተቀቡት ቅጠሎች ተበታተኑ፤ አንዳንዶቹም የወይራ ዘይት ሳህኑ ውስጥ ገቡ።

"እማዬ! ምን ነካሽ?" አለች ልጇ ሮዳንቲ፣ ቅጠሎቹን ከዘይቱ እያወጣች በጨርቅ እየጠረገች። "ሙጫው እስኪደርቅ ቁጭ ብዬ የጠበቅሁት እኮ እኔ ነኝ።"

"ማን ጠብቂ አለሽ? አልቀመጥም ብያለሁ።"

"ለመምህር ማኑሶስ እሺ ብያቸዋለሁ። ከንቲባው ይመጣል። ከሄራክሊዮን ከተማ የቴሌቪዥን ሰዎች ይመጣሉ። ወንበር ላይ ቁጭ ብለሽ ፈገግ ማለት ነው፣ ሌላ ምን ተጠየቅሽ?"

"እሺ ያልሽው አንቺ ነሽ፤ አንቺው ሄደሽ ተቀመጪላቸው።"

ነገሩ እንዲህ ነው። በየዓመቱ ነሐሴ ላይ፣ ወይኑ ተቆርጦ ለዘቢብ ከተሰጣ በኋላ፣ ከመንደራችን በታች ካለው ትልቅ የፕላታኖስ ዛፍ ሥር የአውሮፓን ጠለፋ እንጫወታለን። የአማልክቱ ንጉሥ ዜውስ ነጭ ኮርማ መስሎ፣ በባሕር ዳር አበባ ትለቅም የነበረችውን የንጉሥ ልጅ አውሮፓን በጀርባው አፈናጥጦ ባሕሩን አቋርጦ ያመጣት ወደኛ ደሴት ነው፤ አህጉሩም እስከ ዛሬ በእሷ ስም ይጠራል። ይህን ተረት እኛ ከእናት ጡት ጋር ነው የምንጠባው። ዘንድሮ ታዲያ የባህል ማኅበራችን ሊቀመንበር፣ ጡረታ የወጣው የሥነ ጽሑፍ መምህር ማኑሶስ፣ አዲስ ሐሳብ መጣለት። መንደራችን በሕይወት ያለች የራሷ አውሮፓ አለቻት አለ። አርጊሮን ሟቹ ባሏ ስትራቲስ ከወይን ማሳ ጠልፎ ነው ያገባት፤ እንግዲህ ጉንጉን ደፍተንላት መድረኩ አጠገብ እናስቀምጣት። ስብሰባው በጭብጨባ ተቀበለው። እሷን የጠየቃት ግን አንድም ሰው አልነበረም።

"አባዬ ቢኖር እንዴት ደስ ባለው" አለች ሮዳንቲ።

"ደስ ይለው ነበር። እሱ መቼ ደስ ሳይለው ቀርቶ ያውቃል?"

"ደግሞ ጀመርሽ! አገር የሚቀናበትን ታሪክ..."

"አገር የሚቀናው እዚያ መኪና ውስጥ ስላልነበረ ነው።" አርጊሮ ወንበር ስባ ተቀመጠች። "ስሚ፣ አንድ ጊዜ ነው የምነግርሽ። አባትሽ የገዛ ሻሼን ከራሴ ገፎ አፌ ውስጥ ጎሰጎሰው። አጎትሽ ሚሃሊስ መኪናውን ይነዳል። ብርድ ልብስ ጣሉብኝና ተራራ ላይ ወስደው የበግ በረት ውስጥ ቆለፉብኝ። አባቴ ሊፈልገኝ ሲመጣ እኔን ቀና ብሎ አላየኝም፤ ከቄሱና ከሽማግሌዎቹ ጋር ሲነጋገር ነው የሰማሁት። ከዚያ ታረቁ። ወንዶቹ ታረቁ። እኔን ምን ትፈልጊያለሽ ያለኝ የለም። ሄራክሊዮን አንዲት ልብስ ሰፊ ዘንድ ሙያ ልማር አጎቴ ቦታ ይዞልኝ ነበር። ያንን ወይን ቆርጠን ስንጨርስ ልሄድ ነበር።"

ሮዳንቲ ጨርቁን እንደያዘች ቀረች። ይህን ታሪክ ከልጅነቷ ጀምሮ ስትሰማው መኪናው ቀይ ነው፣ አባቷ ቆንጆ ነው፣ እናቷም እየሳቀች ነው። ስለ ሻሽ የነገራት ሰው አልነበረም።

"አባዬ እኮ የልብስ ስፌት መኪና ገዝቶልሻል" አለች በመጨረሻ። ራሷም መልስ እንዳልሆነ አውቃዋለች።

"ገዝቶልኛል። ክፉ ሰው አልነበረም። በኋላ ደግ ሆነ፣ አልክድም። በኋላ ደግ ስለሆነ ግን የፊተኛው አልተደረገም ማለት ነው?"

"ታዲያ እኔ ምንድን ነኝ?" ሮዳንቲ ጮኸች። "የዚያ በረት ልጅ ነኝ? እድሜ ልኬን በእናትና አባቴ ፍቅር ስኮራ የኖርኩት ምን ሆኜ ነው?"

"አንቺ ልጄ ነሽ።"

"እሱ መልስ አይደለም!" አለችና ጉንጉኑን አንጠልጥላ ወጣች። በሩን ስትዘጋው መስኮቱ ላይ ያለው የበሶብላ ማሰሮ ተንገጫገጨ።

አርጊሮ እንደማትቀመጥ ማንንም ሰው ሳትልክ ራሷ ለማኑሶስ ልትነግረው ወደ ፕላታኖሱ ወረደች። ፀሐዩ እንደ ምድጃ ነበር። ከዛፉ ሥር ልምምድ ላይ ናቸው። የሮዳንቲ ልጅ ካሊዮፒ ዘንድሮ አውሮፓን የምትጫወተው እሷ ናትና ነጭ ቀሚስ ለብሳለች። ሁለት ጎረምሶች ከካርቶን የተሠራ ኮርማ ተከናንበው ፊቷ ተንበርክከዋል፤ አንደኛው ሙቀቱ ስላንገበገበው ከውስጥ ሆኖ ይራገማል።

"ፈገግ በይ ካሊዮፒ!" ይላል ማኑሶስ እጁን እያጨበጨበ። "ቀንዱን ዳበስ አድርጊው። እንዲያ! አሁን ውጪ ጀርባው ላይ።"

"ባሕሩ ውስጥ ይዟት ሲገባስ መምህር?"

"ያኔም ፈገግ በይ።"

"እንዴ፣ አትፈራም? ዋና ትችላለች?"

ጎረምሶቹ ከካርቶኑ ሥር በሳቅ ፈነዱ። ካሊዮፒ አያቷን አየቻትና ከኮርማው ጀርባ ሳትወርድ ጮክ ብላ ጠየቀቻት። "እማማ! አያቴ ሲወስድሽ ፈገግ ብለሽ ነበር?"

ልጅቷ የጠየቀችው በክፋት አይደለም፤ ሥራዋን በደንብ ልትሠራ ፈልጋ ነው። አርጊሮ ግን ደሟ ፈላ። እሷ ላይ የተሠራው አልበቃ ብሎ አሁን ደግሞ የልጅ ልጇን እንዴት ፈገግ እንደምትል ያስተምሯታል፤ በነጭ ቀሚስ፣ በሙዚቃ፣ በከንቲባ ፊት!

"አንተ ማኑሶስ፣ እስቲ ወዲህ ና" አለች።

ማኑሶስ መነጽሩን እየጠረገ መጣ። የመንደሩን ግማሽ ያስተማረ፣ ድምፁን ከፍ አድርጎ የማያውቅ ሰው ነው። "እትዬ አርጊሮ፣ ሮዳንቲ ነግራኛለች። እንደሚያፍሩ ይገባኛል፤ ግን ይህ የእርስዎና የኔ ጉዳይ ብቻ አይደለም። ስንቱ ባለቅኔ ጽፎታል፣ ስንቱ ንጉሥ ቤተ መንግሥቱ ውስጥ አሥሎታል! ይህ ታሪክ ባይኖር እኛ ማን ነን? ይኸው፣ ኪሳችን ውስጥ እንኳን አለ።" ከኪሱ ባለ ሁለት ዩሮ ሳንቲም አውጥቶ መዳፏ ላይ አስቀመጠላት። "ይዩት፣ ኮርማው ላይ ናት።"

አርጊሮ ሳንቲሙን አራቀችው፣ አቀረበችው። ሁልጊዜ ዳቦ የምትገዛበት ሳንቲም ነው።

"ፊቷ አይታይም" አለች።

"ትንሽ ስለሆነ ነው።"

"መጻሕፍትህ ላይስ ይታያል? ይህን ሁሉ ዘመን ስለሷ ስትጽፉ፣ እሷ ምን አለች?"

ማኑሶስ ወደ ዛፉ ዞር አለ። ሐቀኛ ሰው ስለሆነ መዋሸት አይሆንለትም። "አንድ ጥንታዊ ግጥም ላይ ትጮኻለች። እጇን ዘርግታ ጓደኞቿን ትጣራለች።"

"ታዲያ የታለ ጩኸቱ? ልጅቷ ስትጮኽ አልሰማሁም።"

"ረዘመብን እትዬ። ቴሌቪዥኖቹ አጭር ነው የሚፈልጉት። ጭፈራው እንዳይነካ ብለን እሱን ቆረጥነው።"

"ጭፈራው እንዳይነካ!"

"በዓል ነው እኮ። ሰው ደስ ብሎት እንዲሄድ ነው።"

"እኔ ማሳው ላይ የጮኽኩትን ጩኸት አምስት ሰው ሰምቶታል። አንዱ ያንተ አባት ነበር። ቅርጫቱን ይዞ ወደ ቤቱ ሄደ። እናንተ ጩኸት መቁረጥ ከጥንትም ታውቁበታላችሁ!"

ማኑሶስ ቀላ። ስለ አባቱ የተባለውን አልፎ ወደሚያውቀው ወደ ፕሮግራሙ ተመለሰ። "እንግዲህ ካልፈለጉ አላስገድድዎትም። ብቻ ሚሃሊስ ቅር ይለዋል። ስንኙን ሊዘፍንልዎት ከጠዋት ጀምሮ ጉሮሮውን እየጠረገ ነው።"

ስለዚህ ስንኝ አንድ ነገር ማለት አለብኝ። እኛ ጋ አንድ ሰው በሊራ፣ እንደ ማሲንቆ በደጋን በሚመታው መሣሪያችን፣ ሁለት ስንኝ ከዘፈነ ሸንጎው በሙሉ ተቀብሎ ይደግምለታል። የተዘፈነለት ሰው ደግሞ ከፈለገ በሁለት ስንኝ ይመልሳል። ሸንጎው ያልተቀበለው ስንኝ እዚያው ሞተ ማለት ነው፤ ዘፋኙም አንገቱን ደፍቶ ወደ ቤቱ ይገባል። ሚሃሊስ ወንድሙ አርጊሮን ካገባ ወዲህ ይህቺን ስንኝ ያልዘፈነበት ሠርግና ክርስትና የለም፦

*ኮበለለች እንጂ መቼ ተጠለፈች፣*
*እጁ ሳይነካት ነው ፈቅዳ የከነፈች።*

መንደሩም ሁልጊዜ እየሳቀ ይቀበላል። አርጊሮ አንድም ቀን መልሳለት አታውቅም። አንገቷን ደፍታ ሳህን ታነሳለች፣ እኛም አፍራ ነው እንላለን።

"ይዘፍናል?" አለች አሁን።

"በቴሌቪዥን ፊት።"

አርጊሮ ሳንቲሙን መለሰችለት። "እንግዲያውስ እቀመጣለሁ" አለች። ማኑሶስ ደስታው ፊቱ ላይ ታየ፤ እጇንም ሳመ።

ፀሐይ ስታዘቀዝቅ ሜዳው በሰው ሞላ። የተቀቀለው የፍየል ሥጋ በሩዝ ቀረበ፣ ራኪ የምንለው የወይን አረቄ በትንንሽ ብርጭቆ ዞረ። ከመድረኩ አጠገብ ባለው ወንበር ላይ አርጊሮ ተቀምጣለች፤ ከጎኗ የስትራቲስ ፎቶግራፍ ትንሽ ጠረጴዛ ላይ ቆሟል፤ ቀይ ሸሚዝ ለብሶ ይስቃል። ጉንጉኑን የደፋችላት ሮዳንቲ ናት። ከጠዋት ጀምሮ ከእናቷ ጋር ቃል አልተነጋገረችም። ፀጉር መያዣውን ስትሰካ ቆዳዋን ወጋቻት።

ሚሃሊስ ብርጭቆውን ይዞ ተነሳ። ሽማግሌ ቢሆንም ድምፁ አሁንም ያምራል፣ ይህን አንነፍገውም። ሊራው ቀደመለት፣ ስንኙን ዘፈነ፣ ሜዳው በሙሉ ተቀበለው። ከንቲባው ቃላቱን አያውቅምና ጠረጴዛውን ይመታል። ካሜራው የአርጊሮን ፈገግታ ሊቀርጽ ተጠጋ።

አርጊሮ እጇን ወደ ሊራ መቺው አነሳች። "አንዴ ቆይ ልጄ። መልስ አለኝ።"

"እሰይ! በይ ስጪው!" ሰው ሁሉ አጨበጨበ። ሚሃሊስ እየሳቀ ደረቱን ነፋ። ሊራ መቺው ዜማውን ያዘላት፤ እሷም በተሰነጠቀ ድምፅ፣ ሳትቸኩል ዘፈነች፦

*አፌን በሻሽ አፍኖ ጩኸቴን ያስቀረው፣*
*ዝምታዬን ወስዶ በእሺታ ቆጠረው።*

አፉን ለመቀበል የከፈተው ሰው ሁሉ እንደከፈተው ቀረ። ሊራ መቺው ደጋኑን አንስቶ ሸንጎውን ይጠብቃል፤ ሸንጎው ሳህኑን ያያል። እነዚያ ሁሉ አፎች፣ የሚሃሊስን ውሸት ዕድሜ ልካቸውን ያለ አንዳች ሐፍረት የደገሙ አፎች፣ አሁን እውነት ሲመጣ ተሰፉ።

"አርጊሮ፣ ሰው ፊት!" አለ ሚሃሊስ ዝቅ ባለ ድምፅ።

"ሰው ፊት ይሁን እንጂ። መኪናው ውስጥ ካንተና ከወንድምህ በቀር ሰው አልነበረም።"

ሚሃሊስ ተቀመጠ። ማኑሶስ ከመድረኩ ጀርባ በእጁ ምልክት ሰጠ፤ የካርቶኑ ኮርማ ካሊዮፒን ተሸክሞ ብቅ አለና የሆነው ስላልገባው መሐል ላይ ቆመ። ልጅቷ ነጩን ቀሚስ ጨብጣ አያቷን ታያለች። ፈገግታ የለም። አርጊሮ ወንበሩን ተደግፋ ልትነሳ ሞከረች። ስንኟ ሞቷል፤ የቀራት ወደ ቤት መሄድ ነበር።

ሮዳንቲ በጠረጴዛዎቹ መሐል ትልቅ የሩዝ ሳህን ተሸክማ ቆማለች። አባቷን ከቀበረች ወዲህ ጥቁሯን አላወለቀችም፣ ዘፍናም አታውቅም። ከንቲባው ሳህኑን ለመቀበል እጁን ዘረጋ፤ እሷ አላየችውም። ፎቶግራፉን ታያለች፣ የሚስቀውን አባቷን፤ ከዚያ እናቷን፣ ጉንጉኑ ወደ አንድ ወገን የተንጋደደባትን።

ሳህኑን ያገኘችው ጠረጴዛ ላይ አስቀመጠች። እጇን በሽርጧ ጠረገች። ሊራ መቺውን ቀና ብላ አየችውና፣ የእናቷን ስንኝ ከመጀመሪያው ቃል ጀምራ ብቻዋን ተቀበለች።